ባለ አራት ጅኒው አዲስ አሠራር

ታላላቅ ሰዎች ታላላቅ ሐሳባቸውን የሚያገኙት ከሰው ርቀው፣ በር ዘግተው ነው ይባላል። ይህ እውነት ከሆነ ከጅማ ወጣ ብላ በቡና የተከበበችው ከተማችን እንደ አቶ ዋቅጋሪ ያለ ታላቅ ሰው አይታ አታውቅም። (ስሟን አንጠራም፤ ሌሎቹ ከተሞች ይቀናሉ።) አቶ ዋቅጋሪ የቡና ዝውውር ፈቃድና መልካም አገልግሎት ጽሕፈት ቤት ኃላፊ ናቸው። ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት በራቸውን ይዘጉና እስከ ስድስት ሰዓት ያስባሉ። ከምሳ በኋላም ያስባሉ። በሩ ላይ «ሲስተም የለም» የሚል ወረቀት ተለጥፏል። ወረቀቱ ሦስት የበጀት ዓመት ስላገለገለ ጠርዙ ተጠቅልሏል፤ ቃሉ ግን እስከ ዛሬ ትኩስ ነው።

አቶ ዋቅጋሪ በዚህ ዓለም የሚመኙት አንድ ነገር ብቻ ነበር። ጅማ ባለው የበላይ መሥሪያ ቤት የክትትልና ድጋፍ ኃላፊ የሚቀመጥበት ወንበር። ወንበሩን ለስብሰባ ሄደው አይተውታል፤ ይሽከረከራል፣ ቆዳ ለብሷል፣ ለክንድም ማሳረፊያ አለው። ባለቤታቸው ወይዘሮ አቢጊያ ደግሞ ወንበሩን ባታየውም ጅማ ሰቶ ሰመሮ ሰፈር ውስጥ ለወንበሩ የሚመጥን ቤት አይታለች። በየምሳ ሰዓቱ ትደውላለች።

«ወንበሩስ?»

«እየታሰበበት ነው።»

«አንተ ነህ የምታስብበት ወይስ እነሱ?»

«ሁላችንም።»

እውነቱን ለመናገር እነሱ አያስቡም ነበር። የአቶ ዋቅጋሪን ስም እንኳ በትክክል የሚጽፍ ሰው እዚያ አልነበረም።

ነገር የተለወጠው «ዲጂታል አመራር» በሚባል የኢንተርኔት ሥልጠና ነው። አሠልጣኙ ከአዲስ አበባ ሲናገር አቶ ዋቅጋሪ ምስላቸውን አጥፍተው፣ ድምፃቸውን ዘግተው በንቃት ይከታተሉ ነበር። እንዲህ በንቃት እየተከታተሉ አንድ ነገር ተጫኑ። አንዱ ሌላውን ከፈተ፣ ሌላው ሌላውን፤ በመጨረሻ ጥቁር መደብ ላይ ሰማያዊ ግድግዳ ያለው የመንገድ ጥልፍልፍ ፊታቸው ተዘረጋ።

ጨዋታው ከአርባ ዓመት በላይ የሆነው ነው። ድሮ በውጭ አገር ቁም ሣጥን የሚያህል ማሽን ፊት ቆመው ይጫወቱት ነበር አሉ። ማሽኑ ዛሬ የለም፤ ድረ ገጹ ግን ማሽኑ እንዳለ አስመስሎ ያጫውታል። የሌለ ነገር እንዳለ ሆኖ መሥራት ለጽሕፈት ቤታችን እንግዳ ስላልሆነ አቶ ዋቅጋሪ ነገሩን በአንድ እይታ ተረዱት። ገና ሥራ ሳይጀምር በእንግሊዝኛ «ሳንቲም አስገባ» ሲላቸውማ በሰው አገር የአገራቸውን ልጅ ያገኙ መሰላቸው። ደግነቱ ሳንቲሙም የማስመሰል ነው፤ የአምስት ቁጥርን ሲጫኑ ገባ ይላል።

ሥራው እንዲህ ነው። አንዲት ቢጫ ክብ ፍጥረት አለች፤ ከአፍ በቀር ምንም የላትም። በየመንገዱ የተዘሩትን ነጥቦች «ዋካ ዋካ» እያለች ትለቅማለች። አራት ጅኒዎች ያሳድዷታል፤ ቀይ፣ ሮዝ፣ ውሃ ሰማያዊና ብርቱካን። ከያዟት አለቀላት። በአራቱ ማዕዘን ካሉት ትልልቅ ነጥቦች አንዱን ከዋጠች ግን ነገር ይገለበጣል። ጅኒዎቹ ለጥቂት ጊዜ ጥቁር ሰማያዊ ሆነው ይርበደበዳሉ፣ እሷም በተራዋ እያሳደደች ትውጣቸዋለች። ነጥቡ ሁሉ ሲለቀም አንድ ደረጃ ታለፈ ይባላል። በጽሕፈት ቤቱ ታሪክ መጀመሪያውና መጨረሻው የታወቀ ሥራ ሲገኝ ይህ የመጀመሪያው ነው።

ድረ ገጹ ሌላም ቸርነት አለው። ልትያዝ ስትል የቆምክበትን ቦታ ታስቀምጠዋለህ፤ ከሞትክ በኋላ እዚያው ተመልሰህ ትነሣለህ። አቶ ዋቅጋሪ በዚህ ዘዴ በቀን ሰባ ጊዜ ሞተው ሰባ ጊዜ ተነሡ። ነቢያት እንኳ ያላገኙትን ጸጋ አግኝተው ሦስተኛውን ደረጃ ባለፉ ቀን፣ በምሳ ሰዓት ስትደውል ለአቢጊያ «ዛሬ ብዙ ሠራሁ» አሏት። ደክሟቸው ነበር፤ አልዋሹም።

በሩ ማዶ፣ አግዳሚው ላይ፣ ሐጂ ጅብሪል ተቀምጠዋል።

ሐጂ ጅብሪል በየቡ ከተማ በኩል የሚኖሩ የቡና ገበሬ ናቸው። ጥያቄያቸው ትንሽ ነው፤ ሠላሳ ጆንያ ጀንፈል፣ ገና ያልተፈለፈለ ቡናቸውን ወደ ጅማ ለማውረድ የመሸኛ ወረቀት ይፈልጋሉ። ወረቀቱ የአራት ሰው ፊርማ ያስፈልገዋል፤ የመዝገብ ቤቷ የወይዘሮ አሰገደች፣ የጥራቱ የአቶ ሙስዓብ፣ የሒሳቡ የአቶ ሀብተጊዮርጊስና የንብረቷ የሳቢሪን። አምስት ወር ሆናቸው። ቡናው ያለበት መጋዘን ጣሪያው ያፈስሳል፣ ዝናቡም እየቀረበ ነው። ሐጂ ይህን ለአራቱም ነግረዋል። አራቱም አዝነዋል።

«ሐጂ፣ ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» አለቻቸው ሳቢሪን አንድ ቀን፣ ለፊርማ ያነሣችውን እስክሪብቶ መልሳ እየከደነች።

«ማሎ፣ እባክሽ ልጄ! የኔ እንቁላል እኮ ጫጩት ሆኖ፣ ዶሮ ሆኖ፣ ታርዶ ተበላ» አሏት ሐጂ። ሳቢሪን ሳቀች። ደግ ልጅ ናት፤ ነገ ኑ አለቻቸው።

በአንድ ማክሰኞ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ተኩል ላይ የአቶ ዋቅጋሪ በር ሳይንኳኳ ተከፈተ። የገቡት ራሳቸው የዚያ ወንበር ባለቤት፣ የክትትልና ድጋፍ ኃላፊው አቶ ዓለምብርሃን ነበሩ፤ ከኋላቸው ማስታወሻ ደብተር የያዙ ሁለት ሰዎች አሉ። ድንገተኛ ጉብኝት ነው። ኮምፒውተሩ «ዋካ ዋካ ዋካ» ይላል።

«በሩ ላይ ሲስተም የለም ይላል» አሉ አቶ ዓለምብርሃን። «ይኼ ምንድን ነው ታዲያ?»

ሰው ወንበር የሚያገኝበትም ለዘላለም የሚያጣበትም ሰዓት እንዲህ ያለው ነው። አቶ ዋቅጋሪ ላብ አጠመቃቸው፤ ምላሳቸው ግን አልተሳሰረም።

«የሌለው የድሮው ሲስተም ነው፣ ጌታዬ። አዲሱ ይኸው። የቡና ዝውውር መቆጣጠሪያ፤ ዲጂታል።»

ሦስቱ ሰዎች ተጠጉ።

«ቢጫዋ ማን ናት?»

«ጽሕፈት ቤታችን ናት።»

«አፏ ለምን ሰፋ?»

«ለአገልግሎት ክፍት መሆኗን ለማመልከት።»

«ነጥቦቹስ?»

«ቡና ናቸው። ከየቀበሌው እንሰበስባለን።»

«እነዚህ የሚያሳድዷት?»

«ሕገ ወጥ ደላሎች።»

ልክ በዚያች ሰዓት ከጥልፍልፉ መሀል ሁለት ቀያይ ፍሬዎች ባንድ አገዳ ተንጠልጥለው ብቅ አሉ። ከደብተረኞቹ አንዱ «እሸት ቡና!» ብሎ ጮኸ። ከዚህ በኋላ የሚጠራጠር አልነበረም።

«ሰማያዊ ሲሆኑ ምን ሆነው ነው?» አሉ አቶ ዓለምብርሃን።

«ግንዛቤ ተፈጥሮላቸው።»

«ለምን ትበላቸዋለች ታዲያ?»

«አትበላቸውም፣ ጌታዬ። ወደ ሕጋዊ መሥመር ታስገባቸዋለች። አዩ? ዓይናቸው ብቻ ቀርቶ ወደ መሀሉ ቤት ይመለሳሉ። መሀል ያለችው ቤት የሥልጠና ማዕከል ናት።»

«ሠልጥነው ሲወጡስ?»

አቶ ዋቅጋሪ ወደ ስክሪኑ አዩ። ቀዩ ጅኒ ከቤቱ ወጥቶ እንደ ቀድሞው ማሳደዱን ተያይዞታል። መዋሸት አልተቻላቸውም።

«ያው እንደ ነበሩ ናቸው።»

አቶ ዓለምብርሃን ራሳቸውን በቀስታ ነቀነቁ። «ይኼ እውነተኛ ሲስተም ነው» አሉ። «ሥልጠናን እንዲህ በሐቅ ያሳየ ሪፖርት በሥራ ዘመኔ አላየሁም። ምርጥ ተሞክሮ ነው፤ ይስፋ!»

አንባቢ ሆይ፣ ምርጥ ተሞክሮ ምን እንደሆነ ታውቃለህ። አንድ ሰው አንድ ቦታ አንድ ጊዜ ሠራሁ ያለውን ነገር ሌሎች ሰዎች ሌላ ቦታ ሁልጊዜ እንሠራለን እንዲሉ የሚደረግበት ከፍተኛ ጥበብ ነው። አቶ ዋቅጋሪም በሦስት ሳምንት ውስጥ የአርባ አንድ ገጽ መመሪያ አዘጋጁ። ኮምፒውተሩ ከቢሯቸው ወጥቶ ኮሪደሩ ጫፍ ተተከለ። የአንቀጽ ሰባት ቃል ይህ ነበር፤ «በጽሕፈት ቤቱ ማናቸውንም ፊርማ የሚጠይቅ ማንኛውም ሰው አስቀድሞ ሦስት ደረጃ በማለፍ የሲስተሙን ዓላማ መረዳቱን ያረጋግጣል። የሚሰጠው ሦስት ነፍስ ብቻ ነው። ሞቶ ወደ ኋላ መመለስ ፈጽሞ የተከለከለ ነው።» ይህን የመጨረሻውን ዓረፍተ ነገር ራሳቸው ጨመሩት። ሠራተኛው ተንኮለኛ እንደሆነ ያውቃሉ፤ ዘዴውንም ከማንም በላይ ያውቁታል።

መመሪያው ለሠራተኛው ሲነበብ ወይዘሮ አሰገደች እጇን አወጣች። ሠላሳ ዓመት መዝገብ ቤት የሠራች ሴት ናት፤ ያልተፈረመ ነገር አይታ አታልፍም።

«‹ማንኛውም ሰው› ይላል፣ ጌታዬ። እርስዎንም ይጨምራል?»

«በተለይ እኔን!» አሉ አቶ ዋቅጋሪ፣ ደረታቸውን መትተው። «ከኃላፊ እስከ ዘበኛ! ሕግ ዘመድ የለውም!»

አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። ወይዘሮ አሰገደች የተባለውን በቃለ ጉባኤ ላይ ጻፈችው፤ አስፈርማም ፋይል ውስጥ አኖረችው።

ሐጂ ጅብሪል በማግሥቱ ሲመጡ ሳቢሪን ወደ ኮምፒውተሩ መራቻቸው።

«አዲስ አሠራር ነው፣ ሐጂ። መጀመሪያ ይኼን ያልፋሉ።»

«አዑዙ ቢላህ! በዚህ ዕድሜዬ ጅኒ ልታጫውቱኝ ነው?»

«ለአገልግሎት ቅልጥፍና ነው።»

«እንግዲህ ማል ጎና?» አሉ ሐጂ። ምን ይደረጋል ማለታቸው ነው፤ በዚያ ኮሪደር በአምስት ወር ውስጥ ከሰላምታ ቀጥሎ ብዙ ጊዜ የተናገሩት ይህን ነው። ጣታቸው ወፍራም የገበሬ ጣት ነው፤ ቀስቱን እንደ ቡና ፍሬ አንድ አንድ እያሉ ተጫኑት። ሦስቱም ነፍሳቸው ለሻይ መጠጫ በማይበቃ ጊዜ አለቀች።

ሐጂ ግን ወደ ቤታቸው አልሄዱም። አግዳሚው ላይ ተቀምጠው የሌላውን ባለጉዳይ አሟሟት ሲያጠኑ ዋሉ። በሁለተኛውም ቀን እንዲሁ። በሦስተኛው ቀን ድንገት መሬቱን በዱላቸው መትተው እንባ እስኪወጣቸው ሳቁ።

«ያ ረቢ! ይኼማ እኔ ነኝ!»

«የትኛው?» አለች ሳቢሪን።

«ቢጫው ነዋ! ሌላ ማን ሊሆን? ይኸው ጥልፍልፉም ይኼ ኮሪደራችሁ ነው። ቀዩን አየሽው? በቀጥታ ተከትሎ የሚያሳድደው? ወይዘሮ አሰገደች ናት፤ ‹ኮፒ ይጎድለዋል› እያለች እስከ ውጭው በር ትከተለኛለች። ሮዙ ሙስዓብ ነው፤ እሱ አይከተልም፣ የምሄድበትን አውቆ ቀድሞኝ አዲስ መመሪያ ይዞ ይቆማል። ውሃ ሰማያዊው ሀብተጊዮርጊስ፤ ዛሬ ምን እንደሚያደርግ እሱም አያውቅ። ብርቱካኑ...»

«ብርቱካኑ ማነው?»

«ተጠግቶ ተጠግቶ ሊይዘኝ ሲል ተመልሶ የሚሮጠው? አንቺ ነሽ፣ ልጄ። እስክሪብቶውን ታነሽና ትከድኚዋለሽ።»

ሳቢሪን ተቀየመች። ነገር ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ ብርቱካኑን ጅኒ ስታይ ዓይኗን ትሰብር ነበር።

ሐጂ ጠላታቸውን በስም ካወቁ በኋላ ሥራው ቀለለ። በቀኝ ባለው ክፍት መውጫ ወጥተው በግራው መግባት ቻሉ፤ ከቀዩ ለማምለጥ ጥግ ጥጉን ያዙ። በሁለተኛው ሳምንት ሦስተኛውን ደረጃ አለፉና «ፊርማዬን!» ብለው ተነሡ። ወዮ! ፈራሚ የለም። አራቱም አዲሱን አሠራር ለማስመረቅ በተቋቋመው ኮሚቴ ስብሰባ ላይ ናቸው። ስብሰባው ስድስት ቀን ፈጀ፣ በሦስተኛው ቀን ዝናቡ ጀመረ። በዚያ ቀን ሐጂ አልሳቁም። መስኮቱ አጠገብ ቆመው ውሃው ከቆርቆሮው ሲወርድ እያዩ፣ ከንፈራቸው ሲንቀሳቀስ ብቻ ይታይ ነበር። በኋላ ወደ ስክሪኑ ዞሩና ማዕዘን ላይ ብልጭ ድርግም የምትለውን ትልቅ ነጥብ ትኩር ብለው ተመለከቱ።

«ምረቃው መቼ ነው?» አሉ።

«ቅዳሜ» አለች ከስብሰባው ለሻይ የወጣችው ሳቢሪን። «ከበላይ መሥሪያ ቤት ሁሉም ይመጣሉ።»

«አልሐምዱሊላህ!»

ቅዳሜ ድንኳን ተተከለ። ስድሳ እንግዳ ከየወረዳው መጣ። አቶ ዋቅጋሪ ለሃምሳ ደቂቃ ንግግር አደረጉ፤ ከቴክኖሎጂ ጋር አብሮ ስለ መሮጥ፣ የተገልጋዩን እርካታ መሬት ስለ ማውረድ፤ እርካታው እስከ ዛሬ የት ተንጠልጥሎ እንደ ነበር ግን አልገለጹም። ከዚያ አንድ ባለጉዳይ አሠራሩን በተግባር ያሳይ ተባለና ሐጂ ጅብሪል ቀረቡ።

ሐጂ አንደኛውን አለፉ፣ ሁለተኛውን አለፉ። በሦስተኛው ሁለት ነፍስ ጠፍቶ አንድ ሲቀራቸው ድንኳኑ ትንፋሹን ዋጠ። አራቱም ጅኒዎች ከበቧቸው፤ ሐጂ በስተቀኝ ሾልከው በግራ ወጡ፣ ትልቋን ነጥብ ዋጡ፣ አራቱንም ተራ በተራ ለቀሟቸው፤ የቀሩትን ነጥቦችም ጠርገው ደረጃውን ጨረሱ። ጭብጨባው ለሩብ ሰዓት አልበረደም።

«ሐጂ፣ ምሥጢሩ ምንድን ነው?» አሉ አቶ ዓለምብርሃን፣ ድምፅ ማጉያውን እያቀረቡ።

«ጌታዬ፣ እነዚህ ጅኒዎች ደጎች ናቸው» አሉ ሐጂ። «አንደኛ፣ ከሥራ ገበታቸው አይጠፉም። ስብሰባ ሄዱ አይባልም። ሁለተኛ፣ ሰውን ሲይዙ ወዲያው ይገድሉታል፤ ነገ ተመለስ አይሉትም።»

እንግዳው ሁሉ በሳቅ ፈረሰ። ቀልደኛ ሽማግሌ ናቸው ተባለ። ሐጂ ግን ሳቁ ሳያልቅ ከኮታቸው ውስጥ በላስቲክ የተጠቀለለ ወረቀት አወጡና በእንግዶቹ ፊት ዘረጉት።

«በሉ እንግዲህ፣ ጨርሻለሁ። ፊርማዬን።»

አቤት ያን ጊዜ! አራቱ ሠራተኞች አቶ ዓለምብርሃንን አዩ፣ እርስ በርሳቸው ተያዩ፣ መልካቸውም ተለወጠ። ወይዘሮ አሰገደች ያልጎደለ ኮፒ አገኘች። አቶ ሙስዓብ ቆሞ ፈረመ። አቶ ሀብተጊዮርጊስ ፈገግ አለ፤ እንዲህ ያለ ጥርስ እንዳለው ማንም አያውቅም ነበር። ሳቢሪን እስክሪብቶዋን ከፈተች፣ አልከደነችውም። አቶ ዋቅጋሪ ማኅተሙን መቱ።

አቶ ዓለምብርሃን ሰዓታቸውን አዩ። «አራት ደቂቃ!» ብለው ጮኹ። «መሸኛ በአራት ደቂቃ! ጻፉ!»

ደብተረኞቹ ጻፉ። ከአራቱ ደቂቃ በፊት ስለ ነበረው ግማሽ ዓመት የጠየቀ የለም፤ ቀኑ የበዓል ነው። ሐጂም ወረቀታቸውን ይዘው በዚያው ሄዱ። መጋዘኑን ሲከፍቱ ከሚያፈስሰው ጣሪያ ሥር የነበሩት ስድስት ጆንያዎች ሻግተዋል። ዕድሜ ልካቸውን ከቡና ጋር የኖሩት ሽማግሌ እጃቸውን እዚያ ጆንያ ውስጥ ከትተው ለረጅም ጊዜ እንደ ቆሙ ጎረቤቶቻቸው ይናገራሉ። የሻገተ ቡና የሚሞላበት ቅጽ በሲስተሙ ስለሌለ ጽሕፈት ቤቱ አልመዘገበውም።

ሹመት በወሩ መጣ። አቶ ዓለምብርሃን ተሞክሮውን በሰፊው ሊያሰፉ ወደ ላይ ከፍ አሉ፤ ወንበራቸው ለአቶ ዋቅጋሪ ሆነ። ደብዳቤው እንዲህ ይላል፤ «ከነበሩበት መሥሪያ ቤት ክሊራንስ ይዘው በአሥር የሥራ ቀናት ውስጥ እንዲቀርቡ፤ ካልቀረቡ ሹመቱ የሚሰረዝ መሆኑን እናሳስባለን።» አቢጊያ እልል አለች። የሰቶ ሰመሮውን ቤት በዚያው ቀን ተከራየች።

አቶ ዋቅጋሪ የክሊራንሱን ቅጽ ይዘው መዝገብ ቤት ገቡ። ዕዳ የለባቸውም፣ ንብረት አልወሰዱም፤ አራት ፊርማ ብቻ ነው።

«እንኳን ደስ ያለዎት፣ ጌታዬ» አለች ወይዘሮ አሰገደች። «ደረጃውን መቼ አለፉ?»

«የምን ደረጃ?»

ወይዘሮ አሰገደች ፋይል አወጣች። ከፋይሉ ቃለ ጉባኤ አወጣች። በጣቷ እየጠቆመች አነበበች፤ «‹በተለይ እኔን። ከኃላፊ እስከ ዘበኛ።› የእርስዎ ፊርማ ነው፣ አይደለም?»

«ወይዘሮ አሰገደች፣ እሱ እኮ ለማበረታቻ ያልኩት ነው።»

«እኔ የማየው የተጻፈውን ነው።»

አቶ ዋቅጋሪ በኩራት ኮምፒውተሩ ፊት ተቀመጡ። ሦስተኛውን ደረጃ አልፈው የሚያውቁ ሰው ናቸው። ሊያዙ ሲሉ እንደ ልማዳቸው ቦታቸውን ሊያስቀምጡ ጣታቸውን ሰደዱ፤ ሳቢሪን ከአጠገባቸው ሳል አለች።

«ሞቶ መመለስ ክልክል ነው፣ ጌታዬ። አንቀጽ ሰባት።»

ያን ቀን የመጀመሪያውን ደረጃ እንኳ አላለፉም። በሁለተኛው ቀንም። በአራተኛው ቀን «ጌታዬ» የሚለው ቀርቶ «አቶ ዋቅጋሪ» መባል ጀመሩ። በስድስተኛው ቀን አቶ ሀብተጊዮርጊስ በኮሪደሩ ሲያልፍ «እዚህ ጋ ያለው ባለጉዳይ እግሩን ይሰብስብ» አለ። በስምንተኛው ቀን ስልካቸው ጮኸ።

«አልጋውን ኢሱዙ ላይ ጭነነዋል!» አለች አቢጊያ። «ቁም ሣጥኑንም! አንተ የት ነህ?»

«ሁለተኛው ደረጃ ላይ ነኝ።»

«የትኛው ፎቅ ነው እሱ?»

በአሥረኛው ቀን ከዘጠኝ ሰዓት በኋላ አቶ ዋቅጋሪ አግዳሚው ላይ ተቀምጠው ነበር። ጽሕፈት ቤቱ ሊዘጋ ሁለት ሰዓት ከምናምን ቀርቶታል። ጣታቸው አብጧል። አዲስ ወረቀት የያዙ ሽማግሌ እየተራመዱ መጡና «አሰላሙ ዓለይኩም» ብለው አጠገባቸው አረፍ አሉ። ሐጂ ጅብሪል ናቸው፤ ከሠላሳው ጆንያ ውጭ ለቀረችው ቡናቸው መሸኛ ሊያወጡ ነው።

«ኦቦ ዋቅጋሪ! እዚህ ምን ያስቀምጥዎታል? ቢሮዎ ተቃጠለ እንዴ?»

አቶ ዋቅጋሪ ሁሉንም ነገሯቸው። ሲነግሩ ሊያለቅሱ ምንም አልቀራቸውም ነበር። ሐጂ አንዴም ሳያቋርጡ ሰሙ።

«አይ ልጄ» አሉ ሲጨርሱ፤ እርስዎነቱ እዚያው አግዳሚው ላይ ቀረ። «ጉድጓድ ስትምስ አታርቀው ይባል የለ?»

«ሐጂ፣ እርስዎ ይችሉበታል። እባክዎ ስለ አላህ፣ ለእኔ ይጫወቱልኝ።»

«እሺ፤ ምን ከፋኝ። ውክልና አለህ?»

«ውክልና... ውክልና ማጻፍ ይቻላል።» አቶ ዋቅጋሪ ከአግዳሚው ብድግ አሉ፣ ወዲያው ግን መልሰው ተቀመጡ። «አራት ፊርማ ይፈልጋል።»

ሐጂ ጢማቸውን ዳበሱ። ያቺ የኮሪደር ብልኀታቸው ተነሥታ ዓይናቸው ውስጥ ብልጭ አለች።

«እንግዲያው መላው አንድ ነው። እኔም የዳንኩበት። እነዚህ አራቱ የሚፈሩት ትልቋን ነጥብ ብቻ ነው። ከላይ ሊጎበኛቸው ሰው ሲመጣ መልካቸው ይለወጣል፤ ያን ጊዜ ወረቀትህን ዘርጋ፣ በአራት ደቂቃ ትጨርሳለህ። ጎብኚው መቼ ነው የሚመጣው?»

«አይመጣም፣ ሐጂ። ወንበሩ ባዶ ነው። አዲሱ ኃላፊ ሥራ እስኪጀምር ማንም ለጉብኝት አይወጣም።»

«ታዲያ አዲሱ ኃላፊ ለምን አይጀምርም? ምን ያዘው?»

አቶ ዋቅጋሪ እጃቸው ላይ ያለውን ያልተፈረመ ቅጽ አዩት። ኮሪደሩ ጫፍ ኮምፒውተሩ «ሳንቲም አስገባ» እያለ ብልጭ ድርግም ይላል፤ ሳቢሪንም «ተረኛ!» ብላ ተጣራች።

ሐጂ ቅጹን አዩ፣ ሰውየውን አዩ፣ ገባቸው። አልሳቁም። ዱላቸውን አግዳሚው ላይ አጋደሙና የአቶ ዋቅጋሪን ትከሻ ነካ አደረጉ።

«በል ጠጋ በልልኝ፣ ልጄ» አሉ። «አብረን እንጠብቅህ።»